ጥያቄ ቁጥር አራት

ሰኞ፣ ግንቦት 3። ጠዋት 4፡30፣ መምህራን ክፍል።
የ6ኛ "ለ"ን የሒሳብ ፈተና እያረምኩ ነው። ሠላሳ አንድ ወረቀት ይቀረኛል። ቀይ እስክሪብቶዬ ሊያልቅ ነው። ሙቀቱ ገና በጠዋቱ አናት ይበሳል።

ጥያቄ 4፦ ባቱ ከተማ ውስጥ ጋሪና ባጃጅ በድምሩ 20 ቆመዋል። ጋሪ ሁለት ጎማ፣ ባጃጅ ሦስት ጎማ አለው። ጎማዎቹ በሙሉ 47 ናቸው። ስንት ባጃጅ፣ ስንት ጋሪ?

ጥያቄውን ያወጣሁት እኔ ነኝ። እንዴት እንዳወጣሁት አንቺ ብቻ ታውቂያለሽ፣ ደብተሬ። መጀመሪያ መልሱን፣ 7 እና 13 ብዬ ያዝኩ። ከዚያ ጎማ ቆጠርኩ። ተማሪ ከመጽሐፍ ውጭ ከጠየቀኝ ግን ጉዴ ነው። ደብቄ ቁጥር እሞክራለሁ፦ ይሄ በዛ፣ ይሄ አነሰ፣ እስኪገጥም። አሥራ አንድ ዓመት እንዲህ አስተማርኩ።

የሐያት ወረቀት። "7 ባጃጅ፣ 13 ጋሪ።" በቃ። x የለ፣ ስሌት የለ፣ ንጹሕ ወረቀት። አጠገቧ የተቀመጠው ልጅ ከነስሌቱ ሠርቶታል። ኮርጃለች። ከአሥር ዜሮ። "ስሌቱ የት አለ? ወላጅ ይምጣ" ብዬ በቀይ ጻፍኩ። ደወል ተደወለ።

ረቡዕ፣ ግንቦት 5። 6 ሰዓት።
የሐያት እናት ወ/ሮ ዘይነባ ሱቃቸውን ዘግተው መጡ። በዕድሜ ልጃቸው እሆናለሁ፣ እሳቸው ግን ቁጭ በሉ ብላቸው እምቢ ብለው፣ ቆመው "እርስዎ" ይሉኛል። ልጄ የእጅ አመል የለባትም አሉ። ወዲያው ደግሞ፣ እርስዎ ካሉ ልክ ነው፣ እቀጣታለሁ አሉ። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

ከ6ኛ አንደኛ የወጣን ልጅ በነፃ የሚያስተምር የግል ት/ቤት አለ። ሐያት በሌሎቹ ትምህርቶች ጎበዝ ስለሆነች አንደኛ ነበረች። በኔ ዜሮ ሦስተኛ ሆነች። በሩ ጋ ቆማ ጫማዋን ታያለች።

ልክ ነኝ። ደንቡ ደንብ ነው። ታዲያ ምሳ ለምን አልበላ አለኝ?

እሑድ፣ ግንቦት 9። 5 ሰዓት፣ ቤት።
የመምህራን የብቃት ፈተና ቅዳሜ ነው። ሦስተኛዬ። መጀመሪያ ስወድቅ አሞኝ ነበር አልኩ። ቀጥሎ ሰዓቱ አጠረ አልኩ። አሁን የቀረኝ ውሸት የለም። ከወደቅኩ ር/መምህሩ አቶ ፈይሳ ሒሳቡን ከእጄ ይወስዱታል። ነግረውኛል፣ በጨዋ ቋንቋ።

ከጠዋት ጀምሮ አንድ ጥያቄ ላይ ነኝ። አንዱ ቧንቧ ታንከሩን በ3 ሰዓት ይሞላል፣ ሌላው በ5። አንድ ላይ ቢከፈቱስ? 2 ሰዓት ብዬ ሞከርኩ፣ ሞልቶ ፈሰሰ። 1፡30፣ ጎደለ። 1፡50፣ ጎደለ። 1፡55፣ ፈሰሰ። የኛ ሰፈር ቧንቧ ውሃ ካየ አምስት ቀኑ፣ የመጽሐፉ ይፈሳል። መልሱ ሙሉ ቁጥር ካልሆነ የኔ መንገድ መሃል ላይ ጥሎኝ ይሄዳል። የመጽሐፉን ስሌት አራት ጊዜ አነበብኩት። አይገባኝም። አይገባኝም።

አባቴ እዚሁ ባቱ ከተማ ጋሪ ነጂ ነበር። ሽንኩርት ሲጭን አንዱን ኬሻ ወደፊት ይገፋል፣ ፈረሱን ያያል፣ ትንሽ ይመልሳል፣ ሚዛኑ እስኪገባ። ስሌቱን አሳየን ያለው ሰው የለም። እኔን ግን ይሉኛል፣ ደሞዝ የሚከፈለኝ ለሱ ነው።

ማክሰኞ፣ ግንቦት 11። እረፍት።
ሐያትን ጠራኋት። እንዴት እንዳገኘሽው ንገሪኝ፣ አልቆጣም አልኳት። ወጥመድ መስሏታል። በመጨረሻ በቀጭን ድምፅ፣ "ቲቸር፣ አጥፍቼው ነው" አለች።

ምኑን? ወረቀቷን ከመሳቢያ አውጥቼ ወደ መስኮቱ ያዝኩት። በላጲስ የጠፋ እርሳስ፣ የጫነችበት ምልክት ይታያል። 10 እና 10፣ ሃምሳ። 8 እና 12፣ አርባ ስምንት። 7 እና 13፣ አርባ ሰባት።

ያጠፋችው እኔ ስላልኩ ነው። ስርዝ ድልዝ ያለበት ወረቀት አላርምም ብዬ ዓመቱን ሙሉ ጮኼባቸዋለሁ። ልጅቷ የሠራችው ልክ እኔ የምሠራውን ነው፣ ተደብቃ፣ ልክ እንደኔ። ሂጂ አልኳት። ስትወጣ አለቀስኩ። በራሴ አፈርኩ፣ ሌላ ስም የለውም።

ዓርብ፣ ግንቦት 14። 9 ሰዓት።
ሮስተሩ፣ የሁሉም ውጤት የሚሰፍርበት ሰንጠረዥ፣ ሰኞ ይዘጋል። የማስተካከያ ቅጽ ከቢሮ ወሰድኩ። "ምክንያት" የሚል መስመር አለው። የድምር ስህተት ብዬ ልጽፍ እችላለሁ። ማንም አያጣራም። ሳልሞላው ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት። ፈሪ ነኝ።

ቅዳሜ፣ ግንቦት 15። 8 ሰዓት።
ከፈተና ወጣሁ። ቧንቧው መጣ፣ ቁጥሩን ቀይሮ። ሞከርኩ፣ ፈሰሰ፣ ጎደለ። ሰዓት አለቀ። የሞከርኩበትን ወረቀት ሊሰበስቡ ሲመጡ እጄን አየሁት፦ በላጲስ እያጠፋሁ ነው። ማንም የማያነበውን ወረቀት። ፈታኟ፣ ተዪው የኔ እህት፣ እሱ አይታረምም አለችኝ።

ወድቄያለሁ። ውጤት መጠበቅ አያስፈልገኝም።

እሑድ፣ ግንቦት 16። 4 ሰዓት።
ቅጹ ፊቴ ነው። ነገ በጠዋት አቶ ፈይሳ ጠረጴዛ ላይ አኖረዋለሁ። አንብበው ቀና ብለው እንደሚያዩኝ አውቃለሁ። ከዚያ ወ/ሮ ዘይነባ ሱቅ እሄዳለሁ፣ ቆሜ እነግራቸዋለሁ። የነፃ ትምህርቱ ለሐያት ይደርስ አይደርስ አላውቅም። ሒሳቡ ግን ከእጄ ይወጣል።

የተማሪ ስም፦ ሐያት። ጥያቄ 4፦ ከ0 ወደ 10።
ምክንያት፦ ተማሪዋ አልኮረጀችም። ቁጥር እየሞከረች ነው ያገኘችው። መምህሯም ሌላ መንገድ አታውቅም።

በእስክሪብቶ ጻፍኩት።