ጣሊያን የሚሆን ጠፋ

ሰኞ፣ የኅዳር ሚካኤል ማግስት

ነፋሱ አርበኞቼን ጠራረጋቸው። የጨዋታዬን ጣውላ ከክፍሉ በረንዳ ላይ ዘርግቼ አንድ ጊዜ ዞር ብል፣ ቆርኪዎቹ ሁሉ በግቢው ውስጥ ሲንከባለሉ አገኘኋቸው። አገሩን ንፋስ መውጫ ብሎ የሰየመው ሰው እውነቱን ነው። ከእንግዲህ ቤት ውስጥ ብቻ።

ያም ሆኖ ጨዋታውን ሠርቼ ጨርሻለሁ! ለአራተኛ ክፍል የታሪክ ትምህርት ብዬ ጀመርኩት፤ አሁን ግን ከልጆቹ ብሼ ቁጭ ብያለሁ። በሰንጠረዥ ጨዋታ ሁለቱም ወገን እኩል ተሰልፎ ይጀምራል። የጠላት ዘመን ግን እኩል አልነበረም። አንዱ ምሽግና ካሚዮን ነበረው፣ ሌላው ገደልና ጉም። ስለዚህ የኔ ጨዋታ ለየወገኑ የተለያየ ሕግ አለው፤ እንዳልረሳው ልጻፈው።

ጣሊያን ጥቁር ጠጠር ነው፤ ሁሉም ያየዋል፣ በመንገዱ ላይ ብቻ ይሄዳል። ስንቅ የጫነው ጠጠር ምሽግ ከደረሰ ያሸንፋል።

አርበኛ ቆርኪ ነው። አንዳንዱ ሥር ባቄላ አለ፣ ስንቁን መንገድ ላይ ከያዘ ያሸንፋል፤ አንዳንዱ ባዶ ነው፤ የቱ ባዶ እንደሆነ የሚያውቀው ባለቤቱ ብቻ።

ባላገር የገብስ ፍሬ ነው፣ መሐል ያለ። ጣሊያን መንደር ካቃጠለ ገብሱ ይነሣና በቦታው አዲስ አርበኛ ይበቅላል።

ይቺ የመጨረሻዋ ሕግ የጥሩነሽ ናት። ጥሩነሽ እዚሁ ትምህርት ቤት አንደኛ ክፍል ታስተምራለች። የፊታችን እሑድ ሽማግሌ የምልከው እሷን ለመጠየቅ ነው። ይህን ስጽፍ እንኳ ቀለም አንጠባጠብኩ፣ ጅል!

ማክሰኞ

ያላሰብኩት ነገር ገጠመኝ። ጣሊያን የሚሆን ጠፋ።

ልጆቹን ሁለት ሁለት አድርጌ አስቀመጥኳቸው። ሁሉም ቆርኪውን ተሻማ፤ ጠጠሩን የነካ የለም። አንዷን በግድ ከጠጠሩ ጎን ባስቀምጣት ዕንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «ለእማ ምን እላታለሁ?» አለችኝ። እውነትም ምን ትላታለች?

የጂኦግራፊውን መምህር ዘለቀን ለመንኩት። የእስቴ መካነ ኢየሱስ ሰው ነው፣ ነገር የማያልቅበት። «የእስቴ ሰው ለጨዋታም ቢሆን ጣሊያን አይሆንም፤ ከዚሁ ከጋይንት ፈልግ» አለኝ። ጥሩነሽን ጠየቅኋት፣ ሳቀች። «የግራዝማች አድማሱ ልጅ ጣሊያን ሆነች ሲባል ቢሰማ፣ እሑድ የምትልከው ሽማግሌ ሳይሆን ነገረ ፈጅ ነው።» ማታ መሪጌታ አስረስ ብቅ አሉ። ከጋይንቷ ቤተ ልሔም ድረስ የመጡት የሽማግሌዎቼ አለቃ ሊሆኑልኝ ነው። ነገሩን ሳጫውታቸው «እኔ? በስመ ሥላሴ!» ብለው አማተቡ።

ሁለት ሰው የሚጫወተው ጨዋታ ሠርቼ፣ አገሩ ሁሉ በአንድ ወገን ተሰልፎ ቀረ።

ረቡዕ፣ ጾመ ነቢያት ገባ

ጣሊያን እኔ ሆንኩ። ምን ላድርግ?

በምሳ ሰዓት ከዘለቀ ጋር ተጫወትን። አሸነፍኩት። ደገምነው፤ አሁንም አሸነፍኩት። ሠሪው እኔ ነኝና መንገዱን አውቀዋለሁ። ዘለቀ ቆርኪዎቹን በትኖ ተነሣና «ዘር ከልጓም ይስባል» አለ። መምህራኑ ሳቁ። እኔም ሳቅሁ፤ ጠጠሮቼን ግን ቶሎ ሰበሰብኩ።

ያውቅ ይሆን? ወይስ እንዲያው አፉ ላይ የመጣለትን ነው?

አባቴ ስማዳ ውስጥ የጣሊያን ምሽግ በቅሎ ጫኝ ነበር። ነፍሱን ይማረው። ሰው አልገደለም፣ ሰው አልጠቆመም፤ በቅሎ ጫነ፣ አራገፈ፣ ልጆቹን አበላ። ጠላት ከወጣ በኋላ ግን ሰው ሁሉ ባንዳ እንዳለው ሞተ። እኔም የባንዳ ልጅ ተብዬ ነው ያደግሁት። እዚህ ይህን የነገርኳቸው ለጥሩነሽና ለመሪጌታ ብቻ ነው። የጥሩነሽ አባት ግራዝማች ግን አምስቱን ዓመት ዱር ያሳለፉ አርበኛ ናቸው። ሽማግሌ ሲቀመጥ ደግሞ ከሁሉ በፊት የሚጠየቀው ዘር ነው።

ዛሬ ጾሙን የያዝኩት በቀላሉ ነው። የምግብ ፍላጎቴ በምሳ ሰዓት ሄዷል።

ሐሙስ

ጥሩነሽ በዕረፍት ሰዓት ጎትታ ከክፍሉ ጀርባ ወሰደችኝ።

«አባባ ሰምተዋል።»

«ምን ተብሎ?»

«የስማዳው መምህር ጣሊያን ሆኖ አርበኛ ይፈጃል ተብሎ።»

«ታዲያ ምን አሉ?»

«ምንም። ዝም ነው ያሉት።»

ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። ተናደድኩ፤ በዘለቀ፣ በራሴ፣ በሟቹ አባቴ ሳይቀር። «ዛሬውኑ ጣውላውን ምድጃ ውስጥ እከተዋለሁ» አልኳት። «አቃጥለው» አለች እንደ ዋዛ፤ «በቦታው አርበኛ ይበቅላል።» ሳልወድ በግድ ሳቅሁ። ይቺን ልጅ ካጣሁ ምን ይውጠኛል?

ዓርብ

ግራዝማች ልከውብኛል። ቃሉ ይኸው ነው፤ «ያን ጣውላ ይዞ ነገ ይምጣ። ብቻውን።»

«ብቻውን» የሚለውን ስንት ጊዜ እንዳገላበጥኩት። መሪጌታ አሰብ አደረጉና «ስለ አባትህ ከጠየቁህ ሕፃን ነበርኩ በል። ሐሰት አይደለም፣ ሕፃን ነበርክ» አሉኝ። መልካም ምክር ነው። ሌሊቱን ስለማመደው ሳላድር አልቀርም። ነጠላዬን አጥቤ አስጥቻለሁ። አንድ ቆርኪ ጎድሎኝ ከጠጅ ቤቱ ደጃፍ ለቀምኩ።

ቅዳሜ

ከመርሳቴ በፊት ሁሉንም ልጻፍ።

ግራዝማች አውድማቸው ዳር ከገብሱ ክምር ሥር ተቀምጠው ነበር። ሰንበት ስለሆነ ውቂያ የለም፤ በሬዎቹ ተለቀው ገለባ ይቃርማሉ። ጥሩነሽ ንፍሮና ጨው አቀረበችና ሳታየኝ ገባች። ጣውላውን ዘረጋሁ። ሕጉን አንድ በአንድ ስነግራቸው ጺማቸውን ይዘው አዳመጡ። ስጨርስ ቆርኪዎቹን በአክብሮት ወደ እሳቸው ገፋሁ።

መልሰው ገፉልኝ።

«አንተ ዱር ግባ» አሉኝ። «እኔ ምሽጉን እይዛለሁ።»

«እርስዎ ጣሊያን ሊሆኑ?»

«ሌላው ሰው ቢሆን ባንዳ ይሉታል። እኔን ማን ደፍሮ? ደግሞ አምስት ዓመት ሙሉ ከገደል አፋፍ ሆኜ ሳየው የከረምኩት ሰውዬ ነው። ከኔ በላይ የሚያውቀው የለም።»

ዱር ግባ! ለአባቴ ይህን ያለው ሰው አልነበረም፤ ቢሉትም ይገባ እንደሆን አላውቅም። ዓይኔ ሞላ። ገለባ የገባብኝ አስመስዬ አሸሁት።

መቼም እንደሳቸው ያለ ጣሊያን አይገኝም። እኔ መንደር እስኪያቃጥሉ እጠብቃለሁ፣ እሳቸው ግን አላቃጠሉም። ከንፍሮው ጨው ቆንጠር አድርገው ከገብሱ ፍሬ አጠገብ ጠብ አደረጉ። ከዚያ ገብሱን ወደ ምሽጉ ሳቡት።

«ግራዝማች፣ ይኼ በሕጉ የለም» አልኩ።

«ምን ይደረግ ልጄ፣ ብልጡ የጣሊያን ሻለቃም ሕጉን አልጠየቀም። ጅሉ መንደር አቃጠለና አርበኛ አበዛልን። ብልጡ ጨው አደለ። የፈራነው ያንን ነበር።»

ሕጉን ማሻሻል አለብኝ። ጨው ይግባ።

ሁለት ቆርኪ ቀረኝ፣ ሁለቱም ጣውላው ላይ ከተሳለው ወንዝ መሻገሪያ ግራና ቀኝ። አንዱ ባዶ ነው። የሳቸው ስንቅ ጫኝ ከመሻገሪያው ደርሷል። ጠጠሩን በጣታቸው ይዘው ሳይለቁት፣ ዓይናቸውንም ከጣውላው ሳያነሡ፣ «አባትህ በቅሎ ጫኝ ነበር አሉ» አሉኝ።

መጣ። ሌሊቱን የተለማመድኩት ከአፌ ጠፋ።

«አዎ፣ ግራዝማች።»

«እኛ በቅሎ ጫኞቹ ላይ አንተኩስም ነበር፤ በቅሎዎቹን እንፈልጋቸው ነበርና።» ጠጠሩን በጣታቸው አዞሩት። «ከጫኞቹም አንዳንዱ የውስጥ ሰው ነበር። ጭነቱን ላላ አድርጎ ያስርና መሻገሪያው ላይ ጥይቱ ይወድቅለታል። እኛ ማታ ወርደን እንለቅማለን። ስማቸውን አናውቅም። ያንተ አባት ከነሱ አንዱ ይሆን?»

በሩ ወለል ብሎ ተከፍቶልኛል። «ሳይሆን አይቀርም» ብል በቂ ነበር። ማን ይጠይቀኛል? የሟች አባቴንም ስም ነጻ ባወጣሁ ነበር። ግን ካደግሁ በኋላ ጎኑ ቆሜ አይቼዋለሁ፤ እስኪሞት ያው በቅሎ ጫኝ ነበር። ጉልበቱን ከጭነቱ ጎን ተክሎ ጠፍሩን ሲስብ በቅሎዋ ታቃስት ነበር።

«ግራዝማች፣ አልዋሽዎትም» አልኩ። «የኔ አባት ሲጭን አጥብቆ ነበር የሚያስር። ከእጁ ጭነት ወድቆ አያውቅም።»

ቀና ብለው አዩኝ። ከዚያ ሳቅ ጀመሩ፤ ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ፣ ሳል እስኪይዛቸው። ጥሩነሽ ደንግጣ ከበር ብቅ አለች። «በስንቱ መሻገሪያ ሌሊቱን በእጃችን ስንዳብስ አድረን ባዶ እጃችንን ተመለስን» አሉ ዓይናቸውን እየጠረጉ። «የዚያ ሰውዬ ሥራ ነበራ!»

ምን ልበል? እኔም ሳቅሁ። አባቴን አንሥቼ ከሰው ጋር ስስቅ ዛሬ የመጀመሪያዬ ነው። ይቅር ብለውት ይሁን ብቻ አስቋቸው ይሁን አላወቅሁም።

ሲመሽ ጣውላውን ላነሣ እጄን ስዘረጋ መለሱኝ።

«ተወው፣ አትንካው። ነገ ከቅዳሴ በኋላ እንጨርሰዋለን። ስትመጣ ግን ብቻህን አትምጣ።»

ነገ እሑድ ነው። እየሮጥኩ ነው ከተማ የገባሁት። መሪጌታ ሲሰሙ ቆመው አጨበጨቡ፣ አሁን የጥንቱን ካባቸውን እያራገፉ ነው። እኔ ግን ሌላ ሐሳብ ይዞኛል። ዶሮ ገብሱን እንዳይለቅመው ግራዝማች ጣውላው ላይ ሰፌድ ደፍተዋል፤ ሰፌዱን ነፋስ ያነሣው ይሆን? ተራው የኔ ነበር።