ላንቺ ላሳምርልሽ ብዬ

ለምወድሽ እናቴ፣

ወደ ትውልድ ከተማሽ ከተመለስሽ ወዲህ እንዴት ከርመሻል? ዓይንሽስ ተሻለሽ? መርፌ ላይ ክር ለማስገባት ጎረቤት መጥራት ጀምሬያለሁ ያልሽኝ ነገር ከሆዴ አልወጣም። ሳሉስ ለቀቀሽ? እኔ በጣም ደህና ነኝ። አማችሽም ደህና ነው፤ ቀን አውቶቡሱን ሲነዳ ተሳፋሪ ያናድደዋል፣ ቤት ሲገባ ሁሉንም ረስቶ ይስቃል።

ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው እንደምትይ አውቃለሁ። በስልክ አንቺ «በላሽ?» ትይኛለሽ፣ እኔ «በላሁ» እላለሁ፣ ከዚያ ሁለታችንም «እሺ በቃ» ብለን እንዘጋዋለን። ይሄኛው ግን በ«እሺ በቃ» የሚያልቅ ወሬ አይደለም። መነጽርሽን አድርጊ፣ የስፌት ቤቱን በር ገርበብ አድርጊና ብቻሽን አንብቢው።

መጀመሪያ ደስ የሚልሽን ልንገርሽ፤ ኳስ መጫወት አቁሜያለሁ። «እሰይ!» ስትይ እዚህ ድረስ ተሰማኝ። «ይሄ ኳስ ማህፀንሽን ያደርቀዋል» እያልሽ ስንት ዓመት ነዘነዝሽኝ! ግን ቶሎ አትደሰቺ። አሰልጣኝ ሆኛለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። አሰልጣኛችን ዓመቱ ሊያልቅ ሰባት ጨዋታ ሲቀረው ጥሎን ሌላ ክለብ ገባ። እኛ ከመጨረሻው ሁለተኛ ነን፤ ወደ ታችኛው ዲቪዚዮን ለመውረድ አፋፍ ላይ ቆመናል። ሥራ አስኪያጁ ቢሮው አስጠራኝና፣ ተቀመጪ እንኳ ሳይለኝ፣ «አንቺ ያዢልን» አለኝ። በዚያው ሳምንት ሐኪም ዘንድ ሄጄ ነበር። ሐኪሟ የምርመራውን ወረቀት ሁለት ጊዜ አንብባ፣ «ከእንግዲህ ከተከላካይ ጋር መጋጨት የለም» አለችኝ። አትደንግጪ፣ በሽታ አይደለም። ባለፈው ቅዳሜ እኮ ሁለት ጎል አግብቻለሁ ስላት ራሷን ይዛ ሳቀች። ስለዚህ ሥራ አስኪያጁን እሺ አልኩት።

አሥራ አራት ዓመት አጥቂ ሆኜ ያየሁት አንድ ነገር ብቻ እንደነበር የገባኝ መስመር ዳር ስቆም ነው። አጥቂ ጎሉን ያያል፣ በቃ። በመጀመሪያው ጨዋታ ኳሷ አጠገቤ ስታልፍ እግሬ ሳላዘው ተነሣና የውሃ ጠርሙስ ለጋ። ጠርሙሱ በሮ የመስመር ዳኛዋ እግር ሥር አረፈ። በአሰልጣኝነት ዘመኔ የመጀመሪያውን ቢጫ ካርድ በአሥራ አንደኛው ደቂቃ ተቀበልኩልሽ! ሦስት ለባዶ ተሸነፍን። ልጆቹም ትናንት አብረውኝ ሲቀልዱ የነበሩ ናቸው፤ ስጮህባቸው ይሳሳቃሉ። ልምምድ ላይ በረኛችን፣ ግንቧ ነው የምንላት፣ ጓንቷን እያወለቀች መጣችና፣ «እህቴ፣ አንቺ አሥራ አንዳችንም አንቺን እንድንሆን ነው የምትፈልጊው። እኔ እኮ በረኛ ነኝ!» አለችኝ። እዚያው በሳቅ ፈረስኩ። ቤት ስገባ ግን አለቀስኩ፤ እውነቷን ነበራ። ከዚያ ወዲያ መጮኹን ቀነስኩና ማየት ጀመርኩ። ኳሷን ሳይሆን ልጆቹን።

በእኔ ቦታ ያስገባኋት አጥቂ አለች። ስለማታወራ ዝምታ ይሏታል። ልምምድ ላይ የሚያቆማት የለም፤ ጨዋታ ላይ ግን ጎል አፋፍ ስትደርስ ድርቅ ትላለች። ሳስተውላት፣ ከመምታቷ በፊት ሁልጊዜ ቀና ብላ ተመልካቹን ታያለች። ለብቻዋ ጠርቼ ምን ሆነሽ ነው አልኳት። «እናቴ ሱቅ ተቀጥሬ የምሠራ ነው የሚመስላት። አንድ ቀን መጥታ ብታየኝስ?» አለችኝ። እማዬ፣ ነገ እናወራለን ብዬ ሸኘኋት። ዘጠኝ ዓመት የዋጥኩት ነገር እንዳለ መጣብኝ።

ያን የዋንጫ ፍጻሜ ታስታውሺዋለሽ። ሊያልቅ ሁለት ደቂቃ ሲቀረው ፍጹም ቅጣት ምት አግኝተን ኳሷን ከአግዳሚው በላይ ሰደድኳት። ለጋዜጠኞቹ ሜዳው አዳለጠኝ አልኳቸው። ለአማችሽም የነገርኩት ይሄንኑ ነው። አላዳለጠኝም። ኳሷን ነጥቡ ላይ አስቀምጬ ቀና ስል አየሁሽ። ከጎሉ ጀርባ፣ የላይኛው ረድፍ ላይ፣ ፀሐይ ሳይኖር ጥላ ዘርግተሽ። ፊትሽን ደብቀሻል፤ የልብስ መለኪያ ሜትርሽን ግን ከአንገትሽ ላይ ማውረድ ረስተሻል። ጠዋት የታመመ ልጠይቅ ነው የምሄደው ብለሽኝ አልነበር?

ሁልጊዜ የምመታው በግራ በኩል፣ መሬት ለመሬት ነበር። ያን ቀን ግን «ዛሬስ አይታኝ ትኩራ» አልኩ። ላንቺ ላሳምርልሽ ብዬ የላይኛውን ማዕዘን ተመኘሁ። ኳሷም ሄደች። ድጋሚ ቀና ስል ቦታሽ ባዶ ነበር። አፍራብኝ ሄደች ብዬ ደመደምኩ። ከዚያ ወዲህ ቤት ስመጣ ለምን እንደምኮሳተር ጠይቀሽኝ አታውቂም፤ እኔም ነግሬሽ አላውቅም።

አሰልጣኝ የሆንኩ ሰሞን ታዲያ የስታዲየሙ በር ጠባቂ፣ ሽማግሌው ሰውዬ፣ እንኳን ደስ አለሽ ብለው እጄን ጨብጠው አልለቅ አሉኝ። «እናትሽስ ደህና ናቸው? እኚያ ሜትር አንገታቸው ላይ አድርገው የሚመጡት? እንዳሉት ቀሩ አይደል?» አሉ። አንድ ቀን ብቻ ነው የመጣችው ስላቸው ሳቁብኝ። «ምን አንድ ቀን! እዚህ በተጫወታችሁ ቁጥር ነበር። ከተጀመረ በኋላ ይገባሉ፣ ሳያልቅ ይወጣሉ። ልጄ እንዳታየኝ ይሉኝ ነበር» አሉኝ። ስለዚያ ቀንም ነገሩኝ። በሩ ላይ ቆመሽ እያለቀስሽ፣ «ገደቢሷ እኔ ነኝ፣ ልጄን ያሳትኳት እኔ ነኝ፣ ሁለተኛ እዚህ አልረግጥም» እንዳልሽ። እውነትም አልረገጥሽም።

ዘጠኝ ዓመት ሙሉ፣ እማዬ! አንቺ ገዴ ክፉ ነው ብለሽ ስታዝኚ፣ እኔ አፈረችብኝ ብዬ ሳኮርፍ። አንድ ማዕድ ላይ ቁጭ ብለን ጨው አቀብዪኝ እየተባባልን።

እኛ እየወደቅንም እየተነሣንም የመጨረሻው ጨዋታ ላይ ደረስን። ላለመውረድ አንድ ነጥብ ይበቃን ነበር። መልበሻ ክፍል ውስጥ ሰሌዳው ላይ የሣልኩትን ሁሉ አጥፍቼ ይሄን ታሪክ እንዳለ ነገርኳቸው። ግንቧ፣ «እና ከእናትሽ ጋር ታረቃችሁ?» አለችኝ። ገና አልጻፍኩላትም አልኩ። ዝምታ ስልኳን አንሥታ ወደ መታጠቢያ ቤቱ ገባች። ስትመለስ ዓይኗ ቀልቷል። «ነገርኳት» አለችኝ። ምን አለችሽ ብላት፣ «በየትኛው በር ነው የሚገባው አለችኝ» አለች።

ከዕረፍት በፊት ጎል ገባብን። ሁለተኛው አጋማሽ እየተገባደደ ሳለ ኳሷ ጎል አፋፍ ላይ ዝምታ እግር ሥር ወደቀች። እንደ ልማዷ ቀና ብላ ተመልካቹን አየች፤ እኔም «አለቀልን» ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ። የሰማሁት ጩኸት ነው። ስገልጠው ኳሷ መረብ ውስጥ ነበረች፤ አንዲት ሴትዮ ደግሞ የእጅ ቦርሳዋን አናቷ ላይ ይዛ ትዘላለች። አንድ ለአንድ አለቀ። አልወረድንም።

ክለቡ የሁለት ዓመት ውል አስፈርሞኛል። አዲሱ የውድድር ዘመን ሲጀመር ግን የመጀመሪያዎቹን ሳምንታት ቡድኑን የምትይዘው ግንቧ ናት፤ ረዳቴ አድርጌያታለሁ። እኔ ያን ሰሞን ከቤት አልወጣም። ያኔ አንቺ አጠገቤ ብትሆኚልኝ እወዳለሁ፤ ካንቺ በቀር የማምነው ሰው የለም። ስፌት ቤቱን ለሁለት ወር ዝጊውና ነይ። ወደ ሥራ ስመለስ ደግሞ አብረን ወደ ሜዳ እንሄዳለን። ፊት ለፊት ትቀመጫለሽ፣ ያለ ጥላ። ያቺን ኳስ ያሳተኝ ገድሽ አይደለም፣ ጉራዬ ነው።

አማችሽ ትንሿን ክፍል ቀለም እየቀባ ነው፤ እኔን መሰላል ላይ አላስወጣም ብሏል። ለምን ቢጫ መረጥክ ስለው፣ «ለሴትም ለወንድም ይሆናል» ብሎኝ ማፏጨቱን ቀጠለ።

እማዬ፣ ዕድሜሽን ያርዝምልኝ። ዓይንሽን ይማርልኝ። ክንድሽን ደግሞ ከሁሉም በላይ ያበርታልኝ፤ ይፈለጋልና።

የምትወድሽና የምትናፍቅሽ
ልጅሽ