በቀጥታ ስርጭት መሃል በሩን ገፍተው የገቡት የወይዘሮ ሉድሚላ ሃቭራን የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ሉድሚላ ሃቭራን ከአባታቸው ከአቶ ስቴፋን ሃቭራንና ከእናታቸው ከወይዘሮ ዙዛና እ.ኤ.አ. በየካቲት 1919 በኦሃዮ፣ ክሊቭላንድ ከተማ ተወለዱ። አባታቸው የብረት ፋብሪካ ሠራተኛ፣ እናታቸው ልብስ ሰፊ ነበሩ።

የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን እንደጨረሱ በ1938 በአንድ ሬዲዮ ጣቢያ በጸሐፊነት ተቀጠሩ። የድራማ ጽሑፍ ሲተይቡ ያልጣማቸውን ንግግር ማንም ሳይጠይቃቸው ያርሙ ስለነበር ደጋግመው ማስጠንቀቂያ ደረሳቸው። በኋላ ግን አለቆቻቸው ሰልችቷቸው ድራማውን ራሳቸው እንዲያዘጋጁ ፈቀዱላቸው።

በ1949፣ አብዛኛው ሰው ቴሌቪዥን የሚያየው መጠጥ ቤት ሄዶ በነበረበት ዘመን፣ ወደ ቺካጎ ተዛውረው የአንድ ሳምንታዊ ድራማ ፕሮዲዩሰር ሆኑ። ድራማው በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር የተሳሳተውን መልሶ ማረም አይቻልም ነበር።

በኅዳር 1952 ልጁን ያባረረ አባት ሆነው የሚጫወቱት አንጋፋው ተዋናይ አቶ ኤመሪ ታልማን በስርጭቱ መሃል ንግግራቸው ጠፋባቸው። ዳይሬክተሩ «ማስታወቂያ አስገቡ!» እያለ ሲጮህ፣ ወይዘሮ ሉድሚላ ሽርጥ ታጥቀው የመድረኩን በር ገፍተው ገቡ።

«ጎረቤቴ፣ ልጄ ዛሬ ይመጣል ሲሉኝ አልነበር? ሲመጣ ምን ሊሉት ነው?»

አቶ ኤመሪ አፍጥጠው አዩዋቸውና «ይቅር በለኝ ልለው ነው» አሉ። የጠፋባቸው ቃል ይኸው ነበር፤ ድራማውም በሰላም አለቀ።

በማግስቱ የፕሮግራሙን ወጪ የሚሸፍነው የሳሙና ድርጅት ሽማግሌው ይባረሩ አለ። ወይዘሮ ሉድሚላ «እሳቸው ከወጡ እኔም አልቀመጥም» ቢሉ ሁለቱም ተሰናበቱ። ወይዘሮ ሉድሚላ አንድ ዓመት ሙሉ በአንድ ትልቅ መደብር ድስት ሲሸጡ ቆዩ። በ1954 በሚልዋኪ ከተማ የቴሌቪዥን ጣቢያ ሥራ እንዳገኙ አቶ ኤመሪን አስመጥተው ለልጆች ተረት እንዲያነቡ አደረጉ። ጽሑፉን በትልልቅ ፊደል ጽፈው ከካሜራው ሥር ይዘውላቸው የሚቆሙት ወይዘሮ ሉድሚላ ራሳቸው ነበሩ። አቶ ኤመሪም እስከ ዕለተ ሞታቸው በዚሁ ሥራ ኖረዋል።

ወይዘሮ ሉድሚላ በዚያው በ1954 አቶ ኦርቪል ብራንትን አገቡ። አቶ ኦርቪል ያን ዕለት በቺካጎ ማንም ሳያዛቸው ማይክሮፎኑን ወደ በሩ ያዞሩት የድምፅ ባለሙያ ናቸው። ማርሴላና ቪክተር የተባሉ ሁለት ልጆችም ወለዱ።

ወይዘሮ ሉድሚላ በ1981 ጡረታ ቢወጡም ቴሌቪዥን ዝም ብሎ ማየት አይሆንላቸውም ነበር። «ኧረ ይቺ ልጅ ለማን ነው የምታወራው? ፊቷን እኮ አላየነውም!» እያሉ ቤተሰቡን ያስቁ ነበር።

ወይዘሮ ሉድሚላ በልብ ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ሚያዝያ 9 ቀን 1994 በ75 ዓመታቸው በመኖሪያ ቤታቸው ዐርፈዋል። ከዚያ በፊት በነበረው ምሽት ባለቤታቸውን «አንተ ደግሞ ቶሎ ተከትለኸኝ እንዳትመጣ፤ ልጆቹ አሉ» ብለዋቸው ነበር። አቶ ኦርቪልም እሺ ብለዋል።

ባለቤታቸውን፣ ልጆቻቸውንና አራት የልጅ ልጆቻቸውን እግዚአብሔር ያጽናልን፤ የእሳቸውንም ነፍስ ድካም በሌለበት ቤቱ ተቀብሎ ያሳርፍልን። አሜን።