የቦራ ቋንጣ

ይድረስ ለወንድሜ ለጋሼ አደም፣ ጣርማ በር ዋሻ ቁፋሮ ላይ ላለኸው።

አሰላሙ አለይኩም ጋሼ። እንዴት ከርመሃል? የዚያ አገር ብርድ እንዴት ይዞሃል? ድንጋይ የጨፈለቀው ጣትህስ ዳነልህ? እኔ እህትህ ናፊሳ ነኝ፤ የማስጽፈው ባለሱቁን ጋሽ ታከለን ለምኜ ነው። ከናፍቆትህ በቀር ደህና ነን ማለት ወጉ ነበር። ዘንድሮ ግን ምን ብዬ ልዋሽህ!

በሬያችን ቦራ የለም፣ ጋሼ። ውሃ ሊጠጣ ሲወርድ አዲሱን መንገድ ዘጋ ብሎ አንድ የጣሊያን ወታደር በጥይት ጣለው። አባባ ቢላዋውን ይዞ እየሮጠ ደረሰና ቢስሚላህ ብሎ አረደው። ነፍሱ አልወጣችም ነበር፣ ጆሮውን ሲያራግብ አይቻለሁ፣ ወላሂ ብሎ ማለ። እማዬ አመነችው። ቀንዱን የያዝኩት ግን እኔ ነበርኩ። ቢላዋው ሲያርፍበት አልተንፈራገጠም፤ ደሙም አልፈነጠቀም። በክት ነው፣ ጋሼ። አባባ ቀና ብሎ አየኝ፣ እኔም ዝም አልኩ። ቤት ውስጥ የሚላስ የሚቀመስ አልነበረማ!

እማዬ ሥጋውን ዘለዘለችው። ጨው ከገበያ ስለጠፋ ለክፉ ቀን ያስቀመጠቻትን ደቁሳ፣ በበርበሬ አሽታ ገመድ ላይ ሰቀለችው። የሮቢት ሐሩር መቼም ለቋንጣ ነው፤ ወዲያው ደረቀ። ትንሿ ዘይቱና ቦራ መሆኑን እያወቀች፣ እያለቀሰች ትበላለች። አባባ ግን አንዲት ቁራጭ አልቀመሰም። ጥርሴን አመመኝ ይላል። አጥንት የሚቆረጥመው አባባ! ብወተውተው፣ ልጆቼ ይብሉ፣ ነገ አላህ ፊት የምጠየቀው እኔ ነኝ አለኝ።

ከእንግዲህ በምን እንደምናርስ እንጃ። ከጎረቤታችን ከአሊዪ በሬ ጋር የምናቀናጀው ቦራን ብቻ ነበር። ዝናቡ መጣ ቀረ ለእኛ ያው ነው፤ ከድጡ ወደ ማጡ ገባን። አንዳንዴ አንተም የማትመለስ ይመስለኛል፣ አፌን ቁርጥ ያድርገው!

ቋንጣውን ግመለኛው ሷሊሕ ያደርስልሃል። ጥሩ ጥሩውን መርጦ በእጁ የቋጠረልህ አባባ ነው። እኔ እውነቱን ደብቄ ላጎርስህ አልቻልኩም። ብትበላውም ብትተወውም አንተ ታውቃለህ። ብቻ ለአባባ፣ በልቻለሁ፣ ጣፍጦኛል ብለህ ላክበት።

እማዬ ሰላም ብላሃለች፤ እንባዋ አላናግር ብሏት ነው እንጂ ብዙ የምትለው ነበራት። ዘይቱና ጉልበትህን ትስማለች። አሊዪም ሰላም ይልሃል። ጋሽ ታከለ ሰላም ብለውሃል፤ የጻፉትን ለማንም እንደማይተነፍሱ ምለውልኛል። አባባም ሰላም ብሎሃል። ስትበላ ቢስሚላህ ማለትን እንዳትረሳ፣ ደጋግመህ በል ብሏል።

ሸዋ ሮቢት፣ ሚያዝያ ፲፪ ቀን ፲፱፻፴ ዓ.ም.