ሞግዚቷ ለመስፍኑ የመለሰችው

ውድ ሚጢጢ፣

ፖስታሽ ደርሶኛል። እንደ ወትሮው ወፍራም ነው፤ እንደ ወትሮው ደግሞ የአንቺ ወሬ የለበትም። የተውኔታችን አምስተኛ ገቢር አለ፣ የመስፍኑ ንግግር አለ፣ የሞግዚቷ ንግግር አለ፣ ከላይ በእርሳስ የጻፍሽልኝ ትእዛዝ አለ። «እትዬ፣ እንደ ድሮው በራስሽ አፍ በይልኝና ጽፈሽ መልሺልኝ። ማተሚያ ቤቱ ትምህርት ሳይከፈት ይፈልገዋል።» ጉልበቴ እንዴት እንደ ሆነ አልጠየቅሽም። መስፍኑ ከባሕር ማዶ ስለ መመለሱ ስንት ገጽ ልከሽ፣ ስለ አንቺ መመለስ ግን ግማሽ መስመር እንኳ የለም።

እጄ ጽሕፈት ላይ ገና ነው። ፊደሎቼ ደወል እንደ ሰሙ ተማሪዎች እየተጋፉ ነው የሚሄዱት። ቢሆንም በስልክ አልነግርሽም። በስልክ ሞክረነዋል። አንቺ ስታነቢ መስመሩ ይቆረጣል፣ እኔ ስመልስ አንቺ «ሃሎ? ሃሎ?» ትያለሽ፤ መስፍኑ ይሙት ይተኛ ሳላውቅ ካርዱ አለቀ። ደግሞም ፊትሽን ሳላይ ቃል አይወጣኝም።

ዕድሜዬ ያለፈው በላውንድሪ ቤት እንፋሎት ውስጥ፣ የሰው ልብስ ስተኩስ ነው። የትምህርት ቤት ደጅ ያየሁት የአንቺን ዩኒፎርም ተኩሼ ሳመጣልሽ ነው። እናታችን «ሁለቱንም ማስተማር አልችልም፤ ትንሿ ትማር፣ ትልቋ እጇ ጠንካራ ነው» አለች። እውነቷን ነው፣ ጠንካራ ነበር። ይህን የማነሣው ልወቅስሽ ብዬ አይደለም። እሺ፣ ትንሽ ልወቅስሽም ነው።

ያ እሑድ ትዝ ይልሻል? መምህር ከሆንሽ ቆይተሽ ነበር፤ ተማሪዎችሽ ያንን የጥንት የእንግሊዝ ተውኔት ለፈተና ማንበብ ነበረባቸው። እኔ በአንዱ ጥግ ሸሚዝ እተኩሳለሁ፤ አንቺ ጠረጴዛው ላይ ራስሽን በሁለት እጅሽ ይዘሽ ተቀምጠሻል።

«ምን ሆንሽ?»

«ልጆቹ አልገባቸውም፣ እትዬ። በእንግሊዝኛው አልገባቸውም። ወደ አማርኛ መለስኩላቸው፤ አሁንም አልገባቸውም።»

«እስቲ ለእኔ አንብቢልኝ።»

ጉሮሮሽን ጠረግሽና በዚያ በክፍል ድምፅሽ አነበብሽ፦ «የሌሊት እመቤት የብር ካባዋን በባሕሩ ጀርባ ላይ አነጠፈች፤ የቀኑም ሠረገላ መንኮራኩሩን አሳረፈ።»

«መሸ ነው የሚለው?»

«አዎ።»

«ታዲያ መሸ አይልም? ምን ያስፈራዋል?»

«ግጥም ነዋ! ጨረቃዋም እኮ አለች።»

«እንግዲያው ‹መሸ፤ ጨረቃዋም ባሕሩ ላይ ወጣች› ይበል። ደግሞ መስፍኑ በዚህ ብርድ ጃኬት ሳይዝ...»

ጠረጴዛውን በጣትሽ አንኳኳሽ። «ጨመርሽ!»

ሕጋችን የወጣው በዚያ ቀን ነው። አንቺ ታነቢያለሽ፤ እኔ ለጎረቤት እንደማወራ አድርጌ መልሼ እነግርሻለሁ፤ አንቺ ትጽፊዋለሽ። በግራው ገጽ የጥንቱ እንግሊዝኛ፣ በቀኙ የእኛ አማርኛ። ቃሉን እንዳሻኝ መቀየር ተፈቅዶልኛል፤ ደራሲው ያላለውን መጨመር ግን ክልክል ነው። እኔ ደግሞ ሳልጨምር አይሆንልኝም። ንጉሡ ወንድሙን «ሰይፍህን አስቀምጥ» ሲለው «አንተ የማትረባ» አስከትላለሁ። «ጨመርሽ!» ያቺ እናቱ የሞተችበትን መስፍን ያሳደገችው ሞግዚት ወደ ጦርነት ስትሸኘው «ካልሲ ያዝ» አልኩ።

«ጨመርሽ፣ እትዬ! በዚያ ዘመን ካልሲ...»

«በዚያ ዘመን እግራቸውን አይበርዳቸውም?»

እንባሽ እስኪወርድ ሳቅሽ። ካልሲውን ግን አልጻፍሽውም።

ማንበብ ያስተማርሽኝም በዚያው ተውኔት ነው። በሕፃን መጽሐፍ አላዋረድሽኝም። ከሁሉ ትንሹን ሚና፣ የዘበኛውን ሰጠሽኝ። የዘበኛው ንግግር «እሺ ጌታዬ» እና «በሩ ተዘግቷል» ብቻ ነው። እሱን በጣቴ እየተከተልኩ ስንተባተብ አንቺ መስፍኑን ሆነሽ ትቆጪኛለሽ፦ «ምን ይንቀረፈፋል ይሄ ዘበኛ!» ከዘበኛ ወደ መልእክተኛ፣ ከመልእክተኛ ወደ ሞግዚት አደግሁ። በሕይወቴ የሥራ ዕድገት ያገኘሁት እዚያ ብቻ ነው።

ልጆቹ ሦስተኛውን ገቢር በትምህርት ቤቱ አዳራሽ ያሳዩ ዕለት ከኋላ ተቀመጥን። ሞግዚቷን የምትሠራው ቀጭን ልጅ ወገቧን ይዛ «ሂድ፤ ቤቱን እኔ እጠብቃለሁ» ስትል አዳራሹ ጸጥ አለ። ከፊታችን የነበረው አባት ወደ ሚስቱ ዞሮ «ይሄ እኮ ይገባል!» አላት፣ ገንዘቡ እንደ ተመለሰለት ሰው ደንግጦ። አንቺ እጄን ጨበጥሽው። ልጅቷ የተናገረችው የእኔን ቃል ነበር። ያን ያህል ሰው አንድ ላይ አዳምጦኝ አያውቅም። እቤት ስንመለስ፣ ብነቃ ይጠፋብኛል ብዬ እንደምፈራው ሕልም ለራሴ ያዝኩት።

ብዙም ሳይቆይ የመምህራን ኮሌጁ ጠራሽ። ሩቅ ከተማ፣ የተሻለ ሥራ። ስትነግሪኝ የአንድ ሰው ኮት ላይ ጎንበስ ብዬ ነበር።

«ምን ትያለሽ፣ እትዬ?»

«ምን እላለሁ? ሂጂ። ማን ያዘሽ?»

ደራሲው ያላለውን ስጨምር የኖርኩት ሴትዮ፣ ያን ቀን የራሴን ንግግር ቆርጬ አስቀረሁት። አንቺም ብትሆኚ! ከሞተ ብዙ መቶ ዓመት የሆነው ሰውዬ ምን ለማለት እንደ ፈለገ ትፈቻለሽ፤ «ማን ያዘሽ» ያልኩት ምን ለማለት እንደ ሆነ ግን አልጠየቅሽኝም። «ለአንድ ዓመት ነው» ብለሽ ሄድሽ። ዓመቱ አለቀ፤ ሌላ ተተካ፤ ከዚያ በኋላ መቁጠሩን ተውኩት።

አሁን ብቻዬን ነው የማነበው። መስፍኑንም ሞግዚቷንም እኔው እሆናለሁ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ። ባለፈው ጎረቤታችን ልብስ ሰፊው ሸሚዝ ሊያስተኩስ መጣና በሩ ላይ ቆመ።

«እንግዳ አለሽ እንዴ?»

«የአንድ አገር መስፍን ነው።»

«ሳትነግሪን ባል አገባሽ?»

«ከባሕር ማዶ ገና መግባቱ ነው። አርጅቷል።»

«ይሁን፤ ጥርስ ካለው ምን ቸገረሽ!» አለና ወንበር ስቦ ሊቀመጥ ሲል ጮኽኩበት።

«እዚያ ላይ አይቀመጥም!»

«ምነው፣ ተሰብሯል?»

«አልተሰበረም። ሰው አለበት።»

ባዶውን ወንበር አየ፣ እኔን አየ። ሸሚዙን እጄ ላይ አስቀምጦ ቀስ ብሎ ወጣ። እስካሁን ሰፈሩን አዳርሶት ይሆናል።

የአንቺ ወንበር ነው። ቤቱን ታውቂዋለሽ፤ የተኮስኩት ልብስ አልጋውንም ጠረጴዛውንም ሌሎቹን ወንበሮችም ይዞ እኔ መቆሚያ አጣለሁ። ያንን ግን አልነካሁትም። አንዲት መሐረብ እንኳ አላሳረፍኩበትም።

ስለዚህ የመጨረሻው ገጽ ላይ ስደርስ ምን እንደ ሆንኩ ልንገርሽ። መስፍኑ ፀጉሩ ሸብቶ ይመለሳል። ሞግዚቷ በሩ ላይ ተቀምጣለች፤ ዓይኗ ደክሟል። «ረስተሽኛል?» ይላታል። እሷ አንዲት መስመር ትመልስለታለች፤ መጋረጃው ይዘጋል። አንቺ ቃል በቃል የመለስሽው እንዲህ ይላል፦ «ወንበሩን ለነፋስ አላከራየሁትም።» ከጎኑ ጽፈሻል፦ «እትዬ፣ ይህቺን መስመር አንድም ተማሪ አይረዳትም። ባልደረቦቼም በየፊናቸው ነው የሚተረጉሟት። እኔም በቀላል አማርኛ ልላት ሞክሬ አቃተኝ። የተውኔቱ መቋጫ እሷ ናት፤ ያለሷ መጽሐፉን ማሳተም አልችልም። አደራሽን።»

ካውያውን አጠፋሁና ቁጭ አልኩ። ወዲያው ነው የገባኝ፣ ሚጢጢ። ካንቺ ስለምበልጥ እንዳይመስልሽ። አንቺ ተውኔቱን ስታነቢ የኖርሽው ከመስፍኑ ጋር መርከብ ላይ ሆነሽ ነው። እኔ በሩ ላይ ነበርኩ። ከበሩ ላይ ሆነው ሲያዩት የሚፈታ ነገር የለውም።

የቀረውን ሁሉ ጽፌልሻለሁ፤ ከዚህ ጋር አለ። መስፍኑ ስለ ማዕበሉ የሚያወራውን ግማሽ ገጽ «ስንት ጊዜ ልሞት ነበር፤ ሁልጊዜ ትዝ የሚለኝ የቤታችን በር ነው» አድርጌዋለሁ። ተማሪዎችሽ ይገባቸዋል። ጃኬት የለበትም፣ ካልሲ የለበትም፣ ስድብም የለበትም። ጠረጴዛ የሚያንኳኳ ሰው በሌለበት ቤት መጨመር አይጥምም።

የመጨረሻዋን መስመር ግን አልጻፍኳትም። እኔ ጋ ናት። አጭር ናት፤ የሰባተኛ ክፍል ልጅም ይረዳታል። በፖስታ አትሄድም፤ በስልክም አልላትም። ማተሚያ ቤቱ ቸኩሏል አላልሽም? እንግዲያው አንቺም ቸኩዪ። የጠዋቱን አውቶቡስ ከያዝሽ ሳይመሽ ትደርሻለሽ። መጀመሪያ ስለ ጉልበቴ ትጠይቂኛለሽ። ከዚያ ወንበርሽ ላይ ተቀመጪና የመስፍኑን ጥያቄ ጠይቂኝ፤ ሳታነቢው፣ ዓይኔን እያየሽ። ሞግዚቷን ሆኜ እመልስልሻለሁ፤ አንቺም ትጽፊዋለሽ።

ዘበኛው እንደሚለው አይደለም፤ በሩ አልተዘጋም።

እስክትመጪ ድረስ መጽሐፍሽ መጨረሻ የለውም። ደግሞ ሕግ አፈረስሽ ብለሽ እንዳትቆጪኝ። አልጨመርኩም፤ ቀነስኩ እንጂ።

ከዘበኛነት የጀመረችው
እትዬሽ