የመምህርቷ ግድግዳ

ለእትዬ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤንነትሽን እጠይቃለሁ። እኛ ደህና ነን፤ ድካም ብቻ ነው፣ እሱንም ለምደነዋል። ፊደሌ መተለቁን አይተሽ አትሳቂብኝ፤ ለአንቺ እንዲመችሽ ብዬ ነው።

በአርት ዳይሬክተርነት ስሠራ ይኸው ሠላሳ ዓመቴ። ለአሁኑ ፊልም የአንዲት መምህርት ክፍል ከጣውላ ሠርቼ ግራጫ ቀባሁት። ግማሹ ከተቀረጸ በኋላ አንዱ ግድግዳ ተጫረ። ቀለሙን እንደ ልማዴ ሳልለካ፣ በዓይኔ ብቻ በጥብጬ ደግሜ ቀባሁት። ሃያ ዓመት አብራኝ የሠራችው ቀለም ቀቢ መጥታ ፊቱ ቆመች።

«ጋሼ፣ ይሄ እኮ አረንጓዴ ነው!»

«ታዪው እንደሆነ ልፈትንሽ ብዬ ነው።»

«እንግዲህ እኔ አልፌያለሁ፤ ግድግዳው ነው የወደቀው» ብላ ሳቀች። እኔም ሳቅሁ። የፊልሙ ዳይሬክተር ግን አልሳቀም፤ ግማሽ ቀን ሥራ ቆመ።

ከዚያ ወዲህ ቀለም የምትበጠብጠው እሷ ናት። እኔ ወንበር ላይ ተቀምጬ «ጥሩ ነው» እላለሁ። ስምንት ክፍል የሚሠራለት አዲስ ፊልም መጥቶልኛል፤ ውሉ ሳልፈርመው ጠረጴዛዬ ላይ ሦስት ሳምንት ሆነው።

ደግሞ ሳልረሳው፣ አባባ ገና ዓይናቸው ሳይጠፋ፣ የሸሚዛቸውን ቀለም እኛን መጠየቅ የጀመሩት በስንት ዓመታቸው ነበር? አንቺ ታላቅ ስለሆንሽ ታስታውሻለሽ። እንዲሁ ትዝ ብሎኝ ነው።

ባለቤቴ ሰላም ብላሻለች። መልሱን ግን በቤቴ ሳይሆን በሥራ ቦታዬ አድራሻ ላኪልኝ። ስትጽፊም እንደ እኔ ፊደሉን ተለቅ አድርጊው።

በጤና ቆይኝ።

ወንድምሽ