ለቀብር የምትዘገይ ጀልባ

ውድ ኮልማን፣

ሰሞኑን ደብሊን ፍርድ ቤት ስመላለስ ከረምኩ። አትደንግጥ፣ ሰው አልገደልኩም! የአውራጃው ምክር ቤት ከደሴታችን ወደ ማዶ ሰው የምናመላልስበትን የጀልባችንን ውል ሊያፈርስ ማሰቡን ጽፎ ላከልኝ። «ከጉዞ ሰዓታችሁ በተደጋጋሚ ዘግይታችኋል» ይላል። ውሉ ከፈረሰ ሌላ ኩባንያ ይመጣል፤ ሰዓት አክባሪ፣ እኛን ግን የማያውቅ። ደሜ ፈላና ጠበቃ ይዤ ከሰስኳቸው።

የዘገየንባቸውን ቀኖች አንተ ታውቃቸዋለህ። የደሴታችን ሰው ማዶ ሆስፒታል ሲሞት፣ የመጨረሻው ዘመድ ሳይደርስ ሬሳውን ይዘን ተነስተን አናውቅም። ትዝ ይልሃል፣ ቱሪስቶቹ ሲያጉረመርሙ ሞተሩን ስትነካካ? «ዛሬ ደግሞ አኩርፏል» ትላቸው ነበር። ወደ ሣጥኑ ግን አንድ ቀን ጣትህን ቀስረህ አታውቅም። «ሟችን ሰበብ አናደርገውም» ትለኛለህ። ወይ ያ ዘመን! አንተ መሪውን ይዘህ ስታንጎራጉር፣ እኔ ከጎንህ ሻይ ስቀዳልህ። ናፈቅኸኝ እኮ፣ በጣም ናፈቅኸኝ።

ምክር ቤቱ አልጠየቀኝም፤ እኔም ቃልህን አክብሬ አልነገርኩትም። ጠበቃዬ ዴርቭላ «ወይዘሮ ኑአላ፣ ለምን እንደዘገያችሁ ይንገሩኝ እንጂ! በምን አፌ ልከራከርልዎ?» ብላ ለመነችኝ። «የባሕር ነገር ነው» አልኳት።

ችሎት ላይ የምክር ቤቱ ጠበቃ ተነሳ። «ከሁሉም የከፋው ያለፈው ኅዳር ነው። መንገደኛ ግማሽ ቀን ሙሉ በዝናብ ሲደበደብ፣ ባለጀልባዋ አንዲት ቃል ማብራሪያ አልሰጠችም» አለ። ከኋላ የተቀመጠው የደሴታችን ሰው ሁሉ አንገቱን ደፋ። እኔም ጥርሴን ነከስኩ። እንባዬ ግን አልታዘዝ አለኝ።

ይሄኔ ጎረቤታችን ፌስቲ፣ ዕድሜ ልኩን በጀልባችን ሲያሾፍ የኖረው ሰውዬ፣ ብድግ አለ።

«አንተ ሰው! የዚያን ቀን እኮ ባሏን ነው ያመጣችው! ልጃቸው ከአውስትራሊያ እስኪደርስ ነው የጠበቀችው! ደግሞ በዝናቡ ማን አማረረ? መንገደኞቹ እኛ ነን!»

ዳኛዋ «ይቀመጡ፣ አባቴ» አሉት እንጂ አላስወጡትም። ከዚያ ወደ ጠበቃው ዞሩ።

«ውሉን ለማፍረስ ስታስቡ ለምን እንደዘገየች ጠይቃችኋታል?»

«አልጠየቅናትም፣ ክብርት ዳኛ።»

ፍርዱም ይኸው ሆነ፤ እኔን ሳይሰሙ ውሌን ማፍረስ አይችሉም ተባለ።

ስንወጣ ፌስቲን «ማን ለፍልፍ አለህ?» ብዬ ተቆጣሁት። «ኮልማን ከተቀየመኝ ሰማይ ቤት ስንገናኝ እንነጋገራለን፤ አንቺ አያገባሽም» አለኝ። እየሳቅኩ አለቀስኩ።

የምክር ቤቱ ሰዎች ደሴታችን ድረስ መጥተው፣ ወጥ ቤታችን ተቀምጠው ሰሙኝ። በመጨረሻ ውሉ ቀጠለ። የቀብር ቀን ጀልባዋ ቤተዘመድ እስኪሟላ እንድትቆምም ተጻፈበት። እንግዲህ ሰበብ አይደለህም፤ ሕግ ሆነሃል።

እኔም አንድ ቀን ማዶ ብሞት፣ ልጃችን ሳይደርስ ይዞኝ የሚነሳ የለም። አንተም እዚያ ጠብቀኝ። ትንሽ ብዘገይ አትቀየመኝ።

ያንተዋ ኑአላ